ሰባተኛዋ ፈላጊ ያመጣችው ትርፍ

ነገሩ የሆነበትን አገር ስም አትጠይቁኝ፤ የነገሩኝ ሰዎችም ስሙን አልነገሩኝም። ሁለት ፀሐይ የሚወጣበት፣ ውሃው ጠዋት ጠዋት ወይን ጠጅ መልክ የሚይዝበት ሌላ ዓለም ነው፤ ይህን ያህል ብቻ ብለውኛል። በዚያ ዓለም ያለው ውሃ ብቻ ነው። ከውሃው መሃል አንድ ዐለት ብቅ ብሏል፤ አገሩ እሱ ነው። ዐለቱ እንደ ደረጃ ሰባት እርከን አለው። ንጉሡ ላይኛው እርከን ላይ ይኖራሉ፤ ሹማምንቱ ከሳቸው ዝቅ ብለው፣ ሌላው ሕዝብ ከሹማምንቱ ዝቅ ብሎ፣ እንዲህ እንዲህ እያለ እስከ ታች ሰፈር ይወርዳል። ሰው በተወለደበት እርከን ይኖራል። መውረድ ይፈቀዳል፤ መውጣት ግን አይታሰብም።

ባሕሩ ደግሞ በያመቱ አንድ ስንዝር ከፍ ይላል። ላይኛው እርከን ላይ ለሚኖር ሰው አንድ ስንዝር ምንም አይደለም፣ ሲወራም አይሰማውም። ታች ሰፈር ያለ ሰው ግን በመጀመሪያው ዓመት ምንጣፉን ያነሣል፤ በሁለተኛው አልጋውን በድንጋይ ያስደግፋል፤ በሦስተኛው አልጋ ላይ አልጋ ይደርባል። ከዚያ በኋላ ያለው ጣሪያው ነው።

ይህን ችግር የሚፈቱ መርከቦች መኖራቸውን ስትሰሙ ትደሰቱ ይሆናል፤ እኔም ስሰማ ደስ ብሎኝ ነበር። ፈላጊ ይባላሉ፤ አሥር ናቸው። ሁሉም በአንድ ልክ የተሠሩ ናቸው፤ አንዷ ከሌላዋ አትረዝምም፣ አታጥርም፣ ስም እንኳ የላቸውም፤ አንደኛ ፈላጊ፣ ሁለተኛ ፈላጊ እየተባሉ ይጠራሉ። እያንዳንዷ ሦስት ሸራ፣ አንድ መልሕቅ፣ ሦስት መቶ ክንድ የመለኪያ ገመድና የመስተዋት ወለል አላት። መስተዋቱ የባሕሩን ሥር ለማየት የተሠራ ነበር። የተሠሩበትም ምክንያት አንድ ነው፤ ጥልቀቱ ትንሽ የሆነ ቦታ፣ ድንጋይ ተከምሮበት ሰው ሊቆምበት የሚችል ሁለተኛ መሬት እንዲፈልጉ።

ለሰባ ዓመት ፈለጉ፤ አላገኙም። ለምን እንዳላገኙ ልንገራችሁ።

ከብዙ ዘመን በፊት አንዲት ፈላጊ ያልታሰበ ወሬ ይዛ ገባችና አገሩ ሁሉ ታመሰ ይባላል። ወሬው ምን እንደነበር የሚያስታውስ የለም፤ መታመሱን ብቻ ያስታውሳሉ። የዚያን ጊዜው ንጉሥ፣ «ከእንግዲህ ወዲያ እኔ አስቀድሜ የማላውቀው ነገር በዚህ በር እንዳይገባ» ብለው አዘዙ። የቅድመ ቃል ቤት የተቋቋመው ያን ጊዜ ነው። ሥራው ቀላል ነው፤ መርከቧ ከመነሣቷ በፊት በጉዞዋ የምታገኘው ነገር ይጻፋል፣ በጉባኤ ይነበባል፣ ይጨበጨብለታል፣ ማኅተም ይመታበታል። የመርከቧ አለቃ ወረቀቱን ተቀብሎ ይሄዳል፤ የተጻፈውን አግኝቶ ይመለሳል። በወረቀቱ ያለው ነገር ከተገኘ ጉዳዩ ያልቃል፤ ከዚያ በኋላ ስለሱ አይወራም፣ የታወቀ ነገር ምን ይወራል? በወረቀቱ የሌለ ነገር ከተገኘ ደግሞ ትርፍ ይባላል። ትርፍ ወደብ አይገባም፤ የወደቡ በር ላይ ወደ ባሕር ይጣላል። ይዞት የመጣ አለቃም ከእርከኑ ተነቅሎ ታች ሰፈር ይወርዳል።

እንግዲህ ማን ትርፍ ይፈልጋል? ቅድመ ቃሉ ሁልጊዜ «ባሕሩ ወለል የለውም፤ ዐለታችን ብቸኛ ነው፤ ንጉሣችን ይክበሩ» የሚል ነበርና ፈላጊዎቹ ዐለቱ ከዓይን እስኪሰወር ብቻ ይሄዳሉ፤ እዚያ ሸራቸውን አውርደው አርባ ቀን ገበጣ ሲጫወቱ ይሰነብታሉ። የመስተዋቱን ወለል፣ ድንገት ትርፍ እንዳያሳይ፣ ምንጣፍ አነጠፉበት። ገመድ ጣዩ በየጠዋቱ መርከቡ ጫፍ ላይ ይቆምና ገመዱን ሳይፈታ «ወለል የለውም!» ብሎ ይጮኻል። ሸራው ታጥፎ አቧራ ይጠጣል።

በሰባተኛዋ ፈላጊ ላይ ገመድ ጣይዋ ደብሪቱ የምትባል የታች ሰፈር ሴት ነበረች። ታች ሰፈሮችን ለዚህ ሥራ የሚቀጥሯቸው ድምፃቸው ጎላ ያለ ስለሆነ ነው፤ ከጣሪያ ጣሪያ ሲጠራሩ ያደጉ ናቸው። ደብሪቱ አንድ ጠባይ ነበራት፤ ገመዱን እውነት ትጥለው ነበር። አለቃዋ እንግዳሸት ገመዱ እርጥብ ሆኖ ባገኘው ቁጥር ይቆጣታል፤ እሷም አንገቷን ደፍታ ትሰማና በማግስቱ ትጥለዋለች። እንግዳሸት ክፉ ሰው አልነበረም። የአራተኛ እርከን ልጅ፣ ጨዋ፣ ትንሽ ፈሪ፣ ነጫጭ ሸክላ ሳሕኖቹን ከነፍሱ የሚወድ ሰው ነበር።

የደብሪቱ እናት ወይዘሮ አስካለ ሦስተኛውን አልጋ ከደረቡ ሁለት ዓመት ሆኗቸዋል። የመቶ ቀኑ ዝናብ ሊገባ አራት ወር ሲቀረው ውሃው የመስኮቱን የላይኛ ጫፍ አለፈ። ልጅቷ ለጉዞ ስትሰናበት እናት ጣሪያው ላይ ተቀምጠው ዓሣ ያደርቃሉ።

«እማዬ፣ ከዚህ ዝናብ በኋላ ይህ ጣሪያም አይኖርም» አለች ደብሪቱ።

«አውቃለሁ። እኔ ሴትዮዋ እንጂ ጣሪያው አይደለሁም፤ ዋና እችላለሁ።»

«ወዴት ነው የምትዋኚው?»

ወይዘሮ አስካለ ዓሣውን ገለበጡና፣ «አንቺ ብቻ እዚያ ገበጣ ስትጫወቺ አትክረሚ» አሏት። ደብሪቱ ከጣሪያው ወረደች። ሦስት መቶ አሥር ሰው ነበር በዚያ ሰፈር፤ ሁሉም ይህንኑ ጥያቄ በየጣሪያው ይዘው ተቀምጠዋል።

አሁን ወደ ስሕተቱ እንመጣለን። በዚያው ሰሞን ንጉሡ ለገላቸው መታጠቢያ ገንዳ ሊያሠሩ አስበው ኖሮ፣ የገንዳው ዝርዝርና የሰባተኛዋ ፈላጊ ቅድመ ቃል በአንድ ቀን፣ በአንድ ጠረጴዛ ላይ ለማኅተም ቀረቡ። ጸሐፊው ሰባ ዓመት ሙሉ «ወለል የለውም» ሲገለበጥ የኖረበትን ወረቀት ማንበብ ትቷል፤ አይፈረድበትም። የሁለቱ ወረቀቶች ሁለተኛ ገጽ ተለዋወጠ። በጉባኤ ተነበበ፣ ተጨበጨበ። እንግዳሸት ገና ከወደብ ሳይነሣ መርከቡ ላይ ሲከፍተው እንዲህ ይላል፦ «ጥልቀቱ ሰባት ክንድ። ወለሉ ነጭ አሸዋ። ውሃው ለብ ያለ። ለመቀመጥ የሚመች።» የገንዳው ቆፋሪዎች ደግሞ «ወለል የለውም» የሚል ትእዛዝ ደርሷቸው እስከ ዛሬ ይቆፍራሉ አሉ።

እንግዳሸት ላብ በላብ ሆኖ ወደ ቅድመ ቃል ቤት ሮጠ። የቤቱ ሹም አዛዥ ጌጤነህ ነበሩ፤ ማኅተሙን በአንገታቸው ያንጠለጠሉ፣ ሲናገሩ ዓይናቸውን የሚጨፍኑ ሰው።

«ጌታዬ፣ ይህች ገጽ የገንዳው ትመስለኛለች።»

«ማኅተም አላት?»

«አላት።»

«የማን ማኅተም ነው?»

«የእርስዎ።»

«ታዲያ ምኗ ላይ ነው ስሕተቱ?»

«ጌታዬ፣ ሰባት ክንድ የሚሆን ባሕር ከየት አመጣለሁ?»

አዛዥ ጌጤነህ ዓይናቸውን ጨፈኑ። «ስማ እንግዳሸት። እኛ ቤት የስሕተት ማረሚያ ወረቀት የለም። ተሳስተን ስለማናውቅ አላሳተምነውም። በጉባኤ የተጨበጨበለት ነገር ባሕሩ ላይ አለ ማለት ነው። ሂድና አምጣ። ደግሞ አሸዋ ስለሚል፣ አሸዋውን በሩ ላይ በዓይኔ አየዋለሁ።»

እስከዚያ ቀን ድረስ ማንም የፈላጊ አለቃ ምንም አምጣ ተብሎ አያውቅም፤ ወለል ከሌለው ባሕር ምን ይመጣል? እንግዳሸት ወደ መርከቡ ተመለሰና ሠራተኞቹን ሰበሰበ። የሰማንያ ቀን ስንቅ ነበራቸው። «አርባ ቀን እንፈልጋለን፤ ካላገኘን እኔ አላውቅም» አለ። ደብሪቱ ፊቷን ወደ ባሕሩ አዞረች፤ ስትስቅ እንዳያይ ነው። ከተወለደች እንዲህ ያለ የምሥራች ሰምታ አታውቅም።

ሰባተኛዋ ፈላጊ እህቶቿ ገበጣ የሚጫወቱበትን ቦታ አልፋ ሄደች። የሌሎቹ ሠራተኞች ተነሥተው በድንጋጤ አዩዋት፤ አንዱማ «መንገድ ጠፍቷችኋል! መቆሚያው እዚህ ነው!» ብሎ ጮኸላቸው። ከዚያ ወዲያ ያለውን ባሕር ያየ በሕይወት ያለ ሰው አልነበረም። ክንፍ ያላቸው ዓሦች በመንጋ ሆነው በላያቸው አለፉ፤ ሁለተኛዋ ፀሐይ ስትጠልቅ ውሃው ከሥር በኩል ያበራ ነበር። ሠራተኞቹ መጀመሪያ ፈሩ፤ ቀጥሎ ለመዱ፤ በሁለተኛው ሳምንት እርስ በርሳቸው ማን ቀድሞ ምን አየ እያሉ መጨቃጨቅ ጀመሩ። ግራ ቀኝ እያሉ፣ ወደ ኋላም እየተመለሱ ፈለጉ። ደብሪቱ በየሰዓቱ ገመድ ትጥላለች። የገመዱ ጫፍ ላይ እንቁላል የመሰለ ብረት አለ፤ የብረቱ ሥር የዓሣ ሞራ ይቀባል። ብረቱ መሬት ከነካ ሞራው ላይ አሸዋም ሆነ ጭቃ ተጣብቆ ይወጣል። ሦስት መቶው ክንድ ያልቃል፤ ብረቱ ይወጣል፤ ሞራው እንደተቀባ ንጹሕ ነው። መዳፏ ተላጠ።

በሠላሳ ሰባተኛው ቀን እንግዳሸት ጠራት። ጠረጴዛው ላይ አንዱን ነጭ ሳሕን በመዶሻ አድቅቆ አስቀምጦታል። ዓይኑ ቀልቷል፤ ለሳሕኑ አልቅሶ ይሁን ለሌላ እንጃ።

«እስቲ እይው፤ አሸዋ አይመስልም?»

ደብሪቱ በጣቷ ነካ አደረገችው። «ይመስላል፣ አለቃ።»

«ይህን አሳይተን እንገባለን። ተገኘ ይባላል፤ ጉዳዩ ያልቃል።»

«የኛ ሰፈርም አብሮ ያልቃል።»

«ደብሪቱ፣ እኔ ምን ላድርግ? ባሕሩን አልሠራሁት።»

«አለቃ፣ እናቴ ጣሪያ ላይ ናት። ሦስት ቀን ይቀረናል። ሦስቱን ቀን ይስጡኝ፤ ከዚያ በኋላ የቀሩትን ሳሕኖች እኔ ራሴ አደቅቅልዎታለሁ።»

እንግዳሸት የደቀቀውን ሳሕን አየ፣ ያልደቀቁትን አየ። «ሦስት ቀን» አለ።

በሠላሳ ዘጠነኛው ቀን፣ ቀትር ላይ፣ ገመዱ በእጇ ላላ። ደብሪቱ መጀመሪያ የተበጠሰ መሰላት። ሳበችው፤ ክብደቱ አለ። እንደገና ለቀቀችው፤ እንደገና ላላ። ድምፅዋ ጠፋባት፤ ያ ሁሉ የጣሪያ ልጅ ድምፅ። ብረቱን አውጥታ በሁለት እጇ ይዛ ወደ እንግዳሸት ሮጠች። ሠራተኞቹ ምንጣፉን ገለጡት፤ ሰባ ዓመት የተከደነው መስተዋት ሥር ሰፊ ጠፍጣፋ መሬት እስከ ዓይን ዳርቻ ተዘርግቷል፤ ዓሦች ጥላቸውን እየጎተቱ ይሄዱበታል። አንዳንዱ ሰው ተንበርክኮ መስተዋቱን በመዳፉ ዳበሰ። መልሕቁን ጣሉ፤ መልሕቁ ያዘ። መርከቢቱ ከተሠራች ጀምሮ ባሕር መሃል በመልሕቅ ቆማ አታውቅም ነበር፤ ቆመች።

እንግዳሸት ግን የገመዱን ቋጠሮ ሲቆጥር ቆይቶ ቁጭ አለ። ዘጠኝ ክንድ ነው። ሞራው ላይ የተጣበቀው አሸዋም ጥቁር ነው፤ ጥቁር እንደ ከሰል። ውሃውም ቢሆን ለብ ያለ አልነበረም።

«ሰባት ነጭ ነበር የተባልነው» አለ በቀስታ። «ይሄ ትርፍ ነው።»

ወደ አገራቸው በቀጥታ ሲመለሱ መንገዱ አሥራ አንድ ቀን ብቻ ሆነ። በአሥራ አንዱም ቀን ሁለቱ ሲነጋገሩ ነበር። የሳሕኑን ዱቄት ቢያሳዩ ነገሩ ተገኘ ተብሎ ይዘጋል፤ ማንም ወደዚያ አይሄድም። ጥቁሩን ቢያሳዩ ባሕር ውስጥ ይጣላል፤ እንግዳሸትም ይወርዳል። በሁለቱም በኩል ታች ሰፈር ይሰምጣል። ደብሪቱ ግን የትርፍ ሥርዓት ከተጻፈበት መዝገብ አንድ ቦታ ደጋግማ አስነበበችው። ትርፍ ከመጣሉ በፊት፣ ባሕሩ የሚቀበለውን እንዲያውቅ፣ ገመድ ጣዩ ሦስት ጊዜ በሙሉ ድምፁ ይጠራዋል ይላል።

«በሩ ላይ እኮ ነው የምጠራው፣ አለቃ» አለችው። «በሩ ዱሮ ከሰው የራቀ ነበር። አሁን ውሃው ከፍ ብሎ የኛ ሰዎች በሩ አጠገብ ያሉት ጣሪያዎች ላይ ናቸው።»

እንግዳሸት ያን ጊዜ ሚስቱን፣ የአራተኛ እርከን ቤቱን፣ ከደጁ የሚታየውን ነገር ሁሉ ሲያስብ እንደነበር በኋላ ተናግሯል። ከዚያ የደቀቀውን ሳሕን አንሥቶ በመስኮት ወደ ባሕር በተነው። «እንግዲህ ጎረቤትሽ ልሆን ነው። ሳሕኖቼን ወይዘሮ አስካለ ያስቀምጡልኝ ይሆን?»

በሩ ሁለት የድንጋይ ዓምዶች ናቸው። አዛዥ ጌጤነህ በጀልባ፣ በጥላ ሥር፣ ማኅተማቸውን ይዘው ጠበቋቸው። የታች ሰፈር ሰው በየጣሪያው ተቀምጧል፤ ወይዘሮ አስካለም አሉበት፣ ውሃው ጣሪያው ጫፍ ደርሷል። እንግዳሸት ጥቁሩን አሸዋ በሳሕን አድርጎ አቀረበ።

አዛዥ ጌጤነህ አዩት። ዓይናቸውን ጨፈኑ፤ ሲገልጡም ጥቁር ነው። «ይህ ምንድን ነው?»

«ትርፍ ነው፣ ጌታዬ።»

«ነጩስ?»

«ነጩ የለም። ያለው ይሄ ነው።»

«ምን እንደምትለኝ ታውቃለህ? ትወርዳለህ እኮ!»

«አውቃለሁ።» ሳሕኑን ይበልጥ አስጠጋላቸው።

አዛዥ ጌጤነህ በንቀት እጃቸውን ወደ ደብሪቱ አወዛወዙ፤ ሥርዓቱ ይፈጸም ማለታቸው ነው። ደብሪቱ መርከቡ ጫፍ ላይ ወጣች። ፊቷ ወደ ባሕሩ መሆን ነበረበት፤ ወደ ጣሪያዎቹ አዞረችው።

«ዘጠኝ ክንድ! ጥቁር አሸዋ! በትልቋ ፀሐይ መውጫ አሥራ አንድ ቀን!»

የጣሪያዎቹ ሰዎች ወደሷ ዞሩ። ሁለተኛ ጠራችው። ወይዘሮ አስካለ ከተቀመጡበት ተነሡና እጃቸውን አፋቸው ላይ አዙረው ከኋላቸው ላለው ጣሪያ ደገሙት፤ ያም ለሚቀጥለው ደገመው። ሦስተኛውን ስትጠራ የሷ ድምፅ አልተሰማም፤ ሰፈሩ ሁሉ እየጮኸው ነበር።

«ዝም በሉ!» አሉ አዛዥ ጌጤነህ። ማንም ዝም አላለም። ወደ ጸሐፊያቸው ዞረው፣ «የሰሙት ሁሉ አልሰሙም ተብሎ ይጻፍ» ብለው አዘዙ፤ ተጻፈ፣ ማኅተም ተመታበት። ከዚያ አሸዋውን በገዛ እጃቸው ወደ ባሕር ደፉት። ሳሕኑን ለእንግዳሸት መለሱለት፤ ሳሕን በትርፍ ውስጥ አይቆጠርም።

ቅጣቱ በዚያው ቀን ተነበበ። እንግዳሸት ከአራተኛ እርከን ወረደ። ትርፍ የጫነች መርከብ ረክሳለችና ሰባተኛዋ ፈላጊም ከመዝገብ ተሰርዛ ታች ሰፈር እንድትጣል ተወሰነ። ሹማምንቱ በዚህ ተደስተው ወደ ላይ ወጡ። የተሰረዘ ነገር ወዴት ሄደ ብሎ የሚጠይቅ ሕግ ደግሞ አልነበራቸውም። ታች ሰፈሮች ጣሪያቸው ላይ ሆነው ደጃቸው የቆመችውን መርከብ አዩ፤ ቀጥለው እርስ በርስ ተያዩ፤ ከዚያ አንድ ሰው ወርዶ የራሱን ቤት ግድግዳ ድንጋይ መንቀል ጀመረ።

ድንጋዩን ሁሉ ጫኑ። በርና ምሰሶውን አስረው ታንኳ አደረጉት፤ መርከቢቱ ጎተተችው። ዝናቡ ሳይገባ ሁለት ጊዜ ተመላለሱ፤ በሁለተኛው ዐለቱ ላይ ከታች ሰፈር የቀረ ሰው አልነበረም። እዚያ መልሕቅ ጥለው፣ ታንኳቸውን እርስ በርስ ጠፍረው፣ ቤታቸውን ድንጋይ በድንጋይ ወደ ባሕሩ መልሰው ጣሉት። መጀመሪያ ምንም አልታየም። አንዲት ባልቴት የመጨረሻውን የግድግዳዋን ድንጋይ ስትጥል ስቅስቅ ብላ አልቅሳለች። ጠላቂዎች ከወለሉ ድንጋይ እያወጡ ጨመሩበት። ደብሪቱ በየጠዋቱ ክምሩ ላይ ገመድ ትጥልና ያገኘችውን ትጠራለች፤ እንግዳሸት ይጽፋል። ስምንት። ከሳምንት በኋላ ሰባት። አንድ ጊዜ ማዕበል ገፋውና ስምንት ሆነ፤ እንግዳሸት ብዕሩን ከወረቀቱ አነሣ።

«ምን ልጻፍ?» አላት።

«ስምንት ነው እኮ፣ አለቃ።»

ሰባቱን ሰርዞ ስምንት ጻፈ። በዕድሜው አንድ ቁጥር ሰርዞ አያውቅም ነበር አሉ። በማግስቱ ግን ክምሩን ሰፋ አድርገው ጀመሩት፤ ጸና። አራት ሆነ፣ ሁለት ሆነ። መቶው ቀን ዘንቦ አባራ።

ያባራ ዕለት ጠዋት ደብሪቱ ገመዱን ልትጥል ስትዘጋጅ ወይዘሮ አስካለ ቀሚሳቸውን ሰብስበው ከታንኳው ወረዱ።

«እማዬ፣ ቆይ! ገና ነው፣ አልለካሁትም!»

እናት አልሰሟትም፤ ወይም አልሰማሁም አሉ። ክምሩ ላይ ቆሙ። ወዲያ ወዲህ ተራመዱ፣ አንዴም በእግራቸው ረገጥ ረገጥ አደረጉት። ውሃው ቁርጭምጭሚታቸው ድረስ ነበር። ያ ሁሉ ሰው ከየታንኳው አንገቱን አስግጎ ያያቸዋል።

በዚያ ቅጽበት ከአድማስ በኩል ሸራ ታየ። ዘጠነኛዋ ፈላጊ ነበረች። የታች ሰፈሮችን ወሬ ገበጣ ከሚጫወቱበት ቦታ ሰምታ፣ ምንጣፏን ገልጣ፣ ያለ ቅድመ ቃል መጣች። ከኋላዋ ሌላ ሸራ አለ። ዘጠነኛዋ ጫፍ ላይ የቆመው ገመድ ጣይ ገና ከሩቅ እጁን አፉ ላይ አዙሮ፣ «ስንት ነው? እዚያ ስንት ነው?» እያለ ይጮኻል።

ደብሪቱ ልትመልስ አፏን ከፈተች፤ እናቷ ቀደሟት።

«ቁርጭምጭሚት ነው!» አሉ ወይዘሮ አስካለ፣ እዚያው በቆሙበት፣ በጣሪያ ድምፃቸው። «ነገ ደረቅ ይሆናል! ቀስ ብላችሁ ግቡ፤ ድንጋይ ካላችሁም ይዛችሁ ኑ!»